የሜትሩ ጫፍ

ማመን የከበደው ይለፈው፤ አልከራከርም። ክርክር በቅቶኛል። ነገሩ ግን ሆኗል... እኔው ቆሜ ያየሁት ነው።

ሌሊት አልነበረም። ከቀኑ ዘጠኝ ሰዓት፣ በጠራራ ፀሐይ፣ ገና ግድግዳ ያልቆመለት የጎረቤት ፎቅ ላይ።

ጎረቤታችን ነጋዴ ነው። የግንባታ ፈቃዱ ሕንፃው ከግድግዳችን ሁለት ሜትር እንዲርቅ ይላል። ከታች ራቀ። ወደ ላይ ሲወጣ ግን ወለሉን ወደ እኛ እየገፋ መጣ። ፎቅ ላይ ያለው መኝታ ቤታችን ፀሐይ አጣ።

ባለቤቴ ታሞ ቀኑን የሚውለው እዚያች መስኮት ሥር፣ ወንበሩ ላይ ነበር። ፈቃዱ ተጥሷል ብሎ የከሰሰውም እሱ ነው።

"መስኮቷን እንዳትሰጫቸው" አለኝ። ከዚያ በኋላ ብዙም አልተናገረም።

ሲያርፍ ወራሽ ሆኜ በመዝገቡ በእሱ ቦታ ተተካሁ። የችሎቱ ስም ጠሪ ግን በየቀጠሮው የሚጠራው የእሱን ስም ነው። አስተካክሉልኝ ብል፣ ብል፣ ሰሚ አጣሁ። ሲጠራ እኔ "አቤት" እያልኩ እነሣለሁ።

ነጋዴው ኮሪደር ላይ ይስቃል።

"ሟች ከስሶኝ መመላለሴ! እትዬ፣ እሳቸውስ ዐረፉ፤ እርስዎም ይረፉ እንጂ።"

አልፌው እገባለሁ።

ባለፈው ቀጠሮ ስሙ ተጠራ። ልነሣ ስል ስም ጠሪው እጁን አነሣ።

"ሰማሁ፣ ይቀመጡ።"

"ገና አፌን አልከፈትኩም" አልኩ።

ከኋላዬ ተመለከተ። ከኋላዬ ያለው ባዶ አግዳሚ ነበር...

ድካም ነው ብዬ አለፍኩት።

በዚያው ዕለት ችሎቱ የመጨረሻ ልኬት አዘዘ። እስከዚያ የመጡት ሁሉ ከምድር ለክተው "ልክ ነው" ብለው ሄደዋል። አዲሱ መሐንዲስ ላይ ወጥቶ ይለካል። ከሁለት ሜትር ካነሰ ወለሉ ይፈርሳል፤ ካላነሰ መዝገቡ ይዘጋል፣ መስኮቷም ጨለማ እንደዋጣት ትቀራለች።

የልኬቱ ቀን መስኮቷን ዘጋሁ። መጋረጃውን ሳብኩ። ቤቱን ቆልፌ፣ ቁልፉን በእጄ ጨብጬ ወጣሁ።

የነጋዴው ፎቅ ደረጃ ስላልተሠራለት በእንጨት መወጣጫ ወጣን። መሐንዲሱ፣ ስም ጠሪው፣ ነጋዴው፣ መጨረሻ ላይ እኔ።

ቀና ስል መስኮታችን ፊት ለፊቴ ናት።

መጋረጃው ተከፍቷል...

መስኮቷም።

"ቤት ሰው አለ እንዴ?" አለ መሐንዲሱ።

"የለም።"

ስም ጠሪው ልማዱ ነው፤ ሥራ ሳይጀመር ተከራካሪዎችን ይጠራል። እዚያ ላይ፣ ሲሚንቶው መሐል ቆሞ፣ የባለቤቴን ስም ጮክ ብሎ ጠራ።

"አቤት።"

የደከመ ድምፅ ነበር። የመጣው ከመስኮቷ ወዲያ ነው።

እኔ ከንፈሬን አላንቀሳቀስኩም።

ነጋዴው ወደ እኔ ተጠጋ። ሳቁ ጠፍቷል።

"እትዬ... ማነው እሱ?" አለ በሹክሹክታ።

"እርስዎ ያውቁታል" አልኩት።

መሐንዲሱ ልቡ ሥራው ላይ ነው። ጠርዙ ላይ ተንበርክኮ የብረት ሜትሩን ወደ መስኮቷ ዘረጋ። ጫፉ አየር ላይ ተወዛወዘ... ደፏ ላይ ዐረፈ...

ተወጠረ።

"እግዜር ይስጥልኝ፣ እንደሱ አድርገው ይያዙልኝ" አለ ቀና ሳይል። ቁጥሩን አነበበ። "አንድ ሜትር ከሃያ!"

ረታን ማለት ነው። ስም ጠሪው መዘገበ።

"በቃ፣ ይልቀቁት" አለ መሐንዲሱ።

አልተለቀቀም።

ሳበው። አልመጣም። ያኔ ነው ቀና ብሎ ያየው... ፊቱ ዐመድ መሰለ።

"እኔ ልያዘው" አልኩና ከእጁ ተቀበልኩ።

ሦስቱም በመወጣጫው እየተጋፉ ሲወርዱ ሰማሁ። ዞር ብዬ አላየሁም። ሜትሩ ሞቅ ያለ ነበር፤ ፀሐይ ይሆናል።

"ተለክቷል" አልኩት ቀስ ብዬ። "አልሰጠኋቸውም። አሁን ልቀቀው።"

ሜትሩ ትንሽ ላላ...

ከዚያ በዝግታ፣ ወደ መስኮቷ ይስበኝ ጀመር።

ቁልቁል አየሁ። የጫማዬ ጫፍ ከወለሉ ጠርዝ አልፏል።

እኔም አልለቀቅኩም።