ሦስተኛው ጥሪ

ሪፐብሊኩ በተመሠረተ በሠላሳ አንደኛው ዓመት፣ የዝናቡ ወራት አብቅቶ የወንዙ ውሃ መጉደል በጀመረበት ሳምንት፣ የእንደራሴዎች ምክር ቤት በጦርነት ጉዳይ ሊመክር ተሰበሰበ። አዳራሹ ከፍ ያለ ጣሪያ፣ ከባድ መጋረጃዎችና እጅግ የማይመቹ ወንበሮች ነበሩት፤ ወንበሮቹን ያሠሩት መሥራቾች «እንደራሴ ከተመቸው ይተኛል» ብለው ነው ይባላል፤ እንደራሴው ግን ሳይመቸውም ይተኛ ነበር።

የቀረበው ጉዳይ አጭር ነው። ከወንዙ ማዶ ያለው ጎረቤት መንግሥት የባቡር ሐዲድ እስከ ዳርቻው እየዘረጋ ነው፤ ሐዲዱ በመጪው በጋ ያልቃል፤ ካለቀ መድፍ ይመጣበታል፤ መድፍ ከመጣ ደግሞ ይተኮሳል፤ ስለዚህ ሳይቀድሙን እንቅደማቸው። ይኸው ነው። የጦር ሚኒስትሩ ጄኔራል ይህችኑ ለማለት ጠዋቱን ሙሉ ፈጁ።

«ነገር ሳይቃጠል በቅጠል፣ ክቡራን!» አሉ በመጨረሻ፣ ድምፃቸው እየሻከረ። «ባለፈው ጦርነት ጠበቅን። ይመክሩበታል፣ ልብ ይገዛሉ እያልን ጠበቅን። በመጠበቃችን ያተረፍኩት የታናሽ ወንድሜን ሬሳ ነው። ዛሬም ‹ጠብቁ› የሚለኝ ካለ እስቲ ምን እንደምጠብቅ ይንገረኝ!»

እውነት ለመናገር ሰውዬው አልዋሹም፤ ሐዘናቸውም የምር ነበር። የሚያናድደውም ይኸው ነው። ውሸታም ቢሆኑ ኖሮ ነገሩ ምንኛ በቀለለ!

በሦስተኛው ረድፍ የድንበሩ ከተማ እንደራሴ ተቀምጧል። ሙያው መድኃኒት ቅመማ ነው፤ በምክር ቤቱ ውስጥ በስሙ የሚጠራው የለም፤ ሁሉም «አቶ ግን» ነው የሚለው። ዕድሜውን ሙሉ «ይህ ሳልዎን ያቆመዋል፤ ግን በባዶ ሆድ እንዳይወስዱት» ሲል የኖረ ሰው ነውና ያለ «ግን» ንግግር መጨረስ አይሆንለትም። ሚስቱ በሕይወት ሳለች «አንተ ሰውዬ፣ ለጋብቻ ስትጠይቀኝ እንኳ ‹እወድሻለሁ፤ ግን› ብለህ ነው የጀመርከው» እያለች ታስቅበት ነበር።

አንዲት ልጅ አለችው። ከወንዙ ማዶ ለሚኖር ጀልባ ሠሪ ተድራለች፤ ሁለት ልጆች ወልዳለች፤ ቤቷም፣ የባሏም ወርክሾፕ፣ አዲሱ ሐዲድ ከሚያልፍበት ዳር ነው። ምክር ቤቱ ሊሰበሰብ ባለበት ሰሞን በመሻገሪያው ጀልባ መጥታ፣ አባቷ መድኃኒት ቤት ገብታ፣ ደንበኛው እስኪወጣ ጠብቃ በሩን ዘጋችው።

«አባባ፣ ጠቅልለን እንምጣ ወይስ እዚያው እንሁን?»

«ባልሽስ ምን ይላል?»

«እሱማ የጀመርኩትን ጀልባ ሳልጨርስ ወዴት እሄዳለሁ ነው የሚለው። ግትርነቱን ያውቁት የለ? እርስዎ ‹ና› ካሉት ይመጣል። ከሰው ሁሉ የሚሰማው እርስዎን ነው።»

መድኃኒት ቀማሚው ጠርሙስ እየወለወለ አሰበ። እንደራሴዎቹን አንድ በአንድ አነጋግሯቸዋል፤ ከግማሽ የሚበልጡት ጦርነቱን አይፈልጉም፤ ይህንንም በገዛ አፋቸው፣ እጁን ጨብጠው ነግረውታል።

«አይዞሽ ልጄ፣ አያልፍም። እኛ እንበዛለን። ልጆቹን ከትምህርታቸው አታስተጓጉዪ» አላት። በዕድሜው ለአንዲት ጊዜ «ግን» ሳይል የቀረው ያን ዕለት ነው።

አሁን የዚያን ምክር ቤት ደንብ መንገር ሊኖርብን ነው፤ አንባቢ ሆይ፣ ታገሠን፤ እኛም ስንጽፈው እየተናደድን ነው። የጦርነት ጉዳይ ሲቀርብ አፈ ጉባኤው «የሚቃወም አለ?» ብለው ሦስት ጊዜ ይጣራሉ፤ አንድ ሰው እንኳ ከተነሳ ነገሩ ለድምፅ ይቀርባል፤ በሦስቱም ጥሪ የተነሳ ከሌለ ግን ምክር ቤቱ እንደተስማማ ተቆጥሮ መዶሻው ይመታል። ደንቡስ ደንብ ነው፤ በላዩ ላይ የበቀለው ልማድ ነው ጉድ የሠራው። በመጀመሪያው ጥሪ ብድግ ማለት ባለጌ ያሰኛል፤ በሁለተኛው መነሳት ችኩል ያሰኛል፤ ጨዋ ሰው በሦስተኛው ነው የሚነሳ። ታናሽም ከታላቅ ቀድሞ አይነሳም። ይህ በየትም አልተጻፈም፤ ከተጻፈው ሁሉ ይልቅ የሚከበረው ግን እሱ ነበር።

በምሳ ሰዓት ተቃዋሚዎቹ በካፖርት ማስቀመጫው ክፍል ተሰበሰቡ። ጠባብ ስለነበር ግማሾቹ በተሰቀለው ካፖርት ውስጥ ተወሽቀው ነው የመከሩት።

«እኔ ልነሳ» አለ መድኃኒት ቀማሚው።

«አንተማ አይሆንም» አለው ባልንጀራው ጠበቃው። «ልጅህ ማዶ አይደለችም እንዴ? ገና ስትነሳ ጄኔራሉ ‹ለአማቹ ነው የሚከራከረው› ይሉሃል፤ ከዚያ ወዲያ ማን ይሰማሃል?»

«እንግዲያው አንተ ተነሳ!»

«እኔ? ጋሼ ዳኛው እያሉ?»

ጋሼ ዳኛው የሚባሉት የተቃዋሚዎቹ ታላቅ ናቸው፤ በዳኝነት ኖረው ጡረታ የወጡ፣ ጉልበታቸውን የሚያማቸው ሽማግሌ። «ኧረ እኔ አርጅቻለሁ» አሉ፤ «ወጣቶቹ ይሻላሉ።»

«እርስዎ እያሉማ ነውር ነው!»

«የለም የለም፣ ጠበቃው አንደበተ ርቱዕ ነው።»

«ኧረ በሞቴ፣ እርስዎ!»

በር ላይ ቆመው «ግቡ»፣ «አይ፣ እርስዎ ይቅደሙ» እንደሚባባሉ እንግዶች እንዲህ ሲግደረደሩ የምሳው ሰዓት አለቀ። መድኃኒት ቀማሚው ደሙ ፈላ።

«እናንተ ሰዎች፣ ምን ነካችሁ? ገና ለገና ይታመማል ብዬ ለጤነኛ ሰው መርዝ ብሰጠው ፈቃዴን ቀምታችሁ ወህኒ ትከቱኛላችሁ። ሐዲድ ዘረጋህ ብሎ ሰው መግደል ከዚህ በምን ይለያል? ይህችን ለማለት ታላቅና ታናሽ ምን አመጣው?»

«ልክ ነህ!» አለ ጠበቃው። «ግሩም አነጋገር ነው። ጋሼ ዳኛው ይናገሩታል።»

በዚህ ተስማሙ። መቼ ይነሱ የሚለውን ማንም አልጠየቀም፤ በሦስተኛው ነዋ!

ከሰዓት በኋላ አዳራሹ ሞልቶ ነበር። ከበሩ ጎን የጄኔራሉ መልእክተኛ ቆሟል፤ መዶሻው እንደተመታ ወደ ቴሌግራፍ ቤት የሚሮጠው እሱ ነው፤ በወንዙ ዳር ያሉት መድፈኞች የሚጠብቁት ያንን ቴሌግራም ብቻ ነው። መድኃኒት ቀማሚው ከዳኛው አጠገብ ተቀምጦ መልእክተኛውን አየው፤ ጫማውን በደንብ አጥብቆ አስሯል።

«የሚቃወም አለ?» አሉ አፈ ጉባኤው።

ጸጥ። አንድ ሰው ጉሮሮውን ጠረገ።

«የሚቃወም አለ?»

ስልሳ የሚያህሉት ተቃዋሚዎች ዳኛውን በዓይናቸው ጥግ ተመለከቱ። ዳኛው ረጋ ብለው መነጽራቸውን ወለወሉ፤ ጊዜያቸው አልደረሰምና። መድኃኒት ቀማሚው ሊነሳ ሲል ጠበቃው ከኋላ ኮቱን ጨምድዶ ያዘው። «ተው፣ አታበላሽብን» አለው በሹክሹክታ።

«ለሦስተኛ ጊዜ፤ የሚቃወም አለ?»

ዳኛው ሁለት እጃቸውን በወንበሩ መደገፊያ ላይ ጣል አድርገው ሊነሱ ሞከሩ። ጉልበታቸው እምቢ አላቸው። ከጠዋት ጀምሮ ያን እንጨት ላይ ተቀምጠው ደንዝዘዋል። ደግመው ሞከሩ፤ ከወንበሩ ንቅንቅ አላሉም። አፈ ጉባኤው መዶሻውን አነሱ።

በዚህ ጊዜ መድኃኒት ቀማሚው ኮቱን አስለቅቆ ብድግ አለና የሽማግሌውን ክንድ ይዞ ሊያነሳቸው ጎተተ። በአዳራሹ ሙሉ የቆመው እሱ ብቻ ነበር። መዶሻው በአየር ላይ ቀረ።

«ልብ በሉ!» አሉ ጄኔራሉ። «ይህ ሰው ልጁን ለማዶ ሰው የዳረ ነው!»

አፈ ጉባኤው ፊታቸውን ወደ መድኃኒት ቀማሚው መለሱ። «ክቡር እንደራሴ፣ የተነሱት ለመቃወም ነው?»

«አዎ» ማለት ብቻ ነበር የቀረው። አንድ ቃል! «አዎ» ቢል ነገሩ ለድምፅ ይቀርባል፤ ስልሳው ሰው እጁን ያወጣል፤ መልእክተኛው ጫማውን ፈትቶ ወደ ቤቱ ይገባል። እሱ ግን «ለአማቹ ነው» መባሉ አንገበገበው፤ መጀመሪያ ንጹሕነቱን ላስቀድም፣ ተቃውሞው ይከተላል ብሎ አሰበ፤ እውነተኛነት ልማዱ ነበርና።

«ጋሼ ዳኛውን ላግዝ ነው የተነሳሁት፣ ክቡር አፈ ጉባኤ፤ ግን—»

መዶሻው ተመታ። ከአነጋገር ይፈረዳል፣ ከአያያዝ ይቀደዳል የሚሉት ይኼንን ነው። መልእክተኛው በሩን ሳይዘጋ ሮጠ።

ያን ጊዜ ታዲያ ሁሉም ተነሳ! ጠበቃው ተነሳ፤ ስልሳው ሰው አንድ ላይ ተነሳ፤ ዳኛው እንኳ ከየት እንደመጣ በማይታወቅ ኃይል ቆመው «እቃወማለሁ!» ብለው ጮኹ። ጅብ ከሄደ ውሻ ጮኸ! አፈ ጉባኤው «ደንቡን ያወጣሁት እኔ አይደለሁም» አሉ። መድኃኒት ቀማሚው «አላስጨረሱኝም፣ እቃወማለሁ ልል ነበር» እያለ ድምፁ እስኪዘጋ ለመነ። «ቢጨርሱት ጥሩ ነበር» አሉት። እስኪመሽ ድረስ ዳኛው ተነስተዋል አልተነሱም በሚለው ተጨቃጨቁ፤ ከዚያም ነገሩን የሚያጣራ ኮሚቴ ይቋቋም ተባለ፤ የኮሚቴው ሰብሳቢ ማን ይሁን ሲባል ደግሞ «እርስዎ ይሁኑ»፣ «ኧረ እርስዎ» ተጀመረ። መድፉ መተኮስ ሲጀምር ሰብሳቢው ገና አልተመረጠም ነበር።

ልጅቱ ከሁለት ልጆቿ ጋር ወንዙን ተሻግራ የመጣችው ከጥቂት ሳምንታት በኋላ ነው። ባሏ አልነበረም። በመጀመሪያው ቀን የተተኮሰው መድፍ ወርክሾፑን ከነጀልባው፣ ከነሰውዬው አጠፋው፤ ተኳሾቹም የአባቷ አገር ሰዎች ነበሩ። መድኃኒት ቤቱ ገብታ፣ ልጆቹን ከጓዳ አስተኝታ፣ መጥታ ከፊቱ ተቀመጠች።

«እንበዛለን አላሉኝም ነበር?»

«እንበዛ ነበር እኮ፣ ልጄ።»

«ታዲያ?»

ነገራት። ሦስቱን ጥሪ፣ ካፖርቱን፣ የዳኛውን ጉልበት፣ የተጨመደደውን ኮት፣ ሁሉንም ሳያስቀር ነገራት። ሳታቋርጠው እስከ መጨረሻው ሰማችው።

«ስልሳ ሰው» አለች። «ስልሳ ትልልቅ ሰው ተቀምጦ።»

መድኃኒት ቀማሚው ጠርሙስ አንስቶ መወልወል ጀመረ።

«ያን ዕለት ከዚህ ተመልሼ ለባሌ ስነግረው፣ ‹ና ይሉኝ ይሆናል› ብሎ ጓዙን ማሰር ጀምሮ ነበር» አለች። «‹አባትሽ አያልፍም ካሉማ አያልፍም› ብሎ ነው የፈታው።»

መድኃኒት ቀማሚው ከዚያ ቀን በኋላ ወደ ምክር ቤት አልተመለሰም። እስኪሞት ድረስ ልጁ አስታመመችው፤ ቂም አልያዘችበትም፤ ያን ነገር ግን ዳግመኛ አላነሱትም።

ጦርነቱ ሁለት ዓመት ፈጀ፤ ሁለቱም አገሮች የድል ሐውልት አቆሙ። ሐዲዱ መድፍ ሊመጣበት ነበር ወይስ እህል? ጄኔራሉ እስከ ዕለተ ሞታቸው «ቀድመን ባንመታቸው ያጠፉን ነበር» አሉ፤ ያስተባበላቸውም የለም፤ ያልሆነ ነገር ምስክር ከየት ይመጣለታል? በሌሎች አገሮች ሰዎች በጩኸት፣ በቁጣ፣ በጥላቻ ተነስተው ተዋግተዋል፤ የእነዚህ ግን በይሉኝታ ነበር፤ ይህንን ደግሞ የትኛው ታሪክ ጸሐፊ ይጽፈዋል? የመንግሥት የታሪክ መጽሐፍ ለዚያ ቀን የሰጠው አንድ መስመር ነው፤ «ምክር ቤቱ ያለ አንዳች ተቃውሞ በሙሉ ስምምነት ወሰነ» ይላል።

ልጅቱ አስተማሪ ሆና ነው ልጆቿን ያሳደገችው፤ ያንን መስመርም በየዓመቱ ለክፍሏ ታነባለች። አንድ ዓመት የገዛ ሴት ልጇ ከተማሪዎቿ አንዷ ነበረች። «ምክር ቤቱ ጦርነቱን እንዴት ወሰነ?» ለሚለው የፈተና ጥያቄ ይህችው ልጇ፣ ያኔ ከጓዳ ሆና የሰማችውን ይዛ፣ «ከግማሽ በላይ የሚሆኑት አይፈልጉትም ነበር» ብላ ጻፈች። እናቲቱ ቀይ እስክሪብቶዋን ይዛ ብዙ ቆየች። ከዚያ ስህተት ብላ አረመችው፤ በዋናው የመንግሥት ፈተና ላይ እንዲህ ብትጽፍ ትወድቃለችና።