የአርባ ሁለቱ ጫማ

ጦርነቱ በቆመ በዘጠነኛው ዓመት፣ በመጋቢት ወር በአንድ ዝናባማ ማለዳ፣ በጦር ሚኒስቴሩ ምድር ቤት የሚሠራው የታሪክ ጸሐፊ አንድ የተቦጫጨቀ ደብተር ገለጠ። ባልደረቦቹ «የካልሲ ታሪክ ጸሐፊ» እያሉ ይቀልዱበት ነበር፤ እነርሱ የጄኔራሎችን ካርታ ሲያጠኑ፣ እርሱ ተራው ወታደር ምን ተጫማ፣ ለእናቱስ ምን ጻፈ እያለ አቧራ ሲያራግፍ ይውላልና።

ደብተሩ የጦሩ ጫማ ሰፊ መዝገብ ነበር። ከድልድዩ ውጊያ በፊት በነበረው ቀን የሦስተኛው ሻምበል አርባ ሁለት ወታደሮች ጫማቸውን ለጥገና አስረክበዋል፤ ተመልሶ የወሰደ ግን አንድም የለም። ውጊያውን የመሩት ጄኔራል ዘገባ እነዚያ ሰዎች ድልድዩን ጥለው በጠጠሩ መንገድ ሸሹ ይላል፤ ሬሳቸውን ወንዝ ስለ ወሰደው የተሟገተላቸው አልነበረም። የጫማ ሰፊው ድንኳን ደግሞ የተተከለው በዚያው መንገድ ዳር ነው። የሚሸሽ ሰው ጫማውን ሳያነሣ ያልፋል?

ጸሐፊው ደብተሩን ይዞ ጄኔራሉ ፊት ቆመ።

«ወንድምህ አብሯቸው ስለ ነበረ ነው እንዲህ የሚያንገበግብህ» አሉት።

«አዎን፣ ክቡር ጄኔራል። ‹ሸሹ› የሚለውን ቃል ከዘገባዎ ወደ ጦርነቱ ታሪክ መጽሐፍ የገለበጥሁት እኔው ነኝ፤ የወንድሜን ስም በገዛ እጄ አጉድፌአለሁ። ሁለተኛ አላደርገውም።»

«ሙት አይከራከርም!»

«ጫማቸው ይከራከራል።»

ጄኔራሉ ጠረጴዛውን በጡጫ መቱት። «መጽሐፉ የሚወጣው በእኔ ስም ነው፤ ከጽሑፉ አንዲት ቃል ብትነካ አልምርህም። ሂድና የፊደል ግድፈት ልቀም!»

«እለቅማለሁ፣ ጌታዬ።»

ለቀመም። በዚያ ዘመን ከኅትመት በኋላ የተገኘ ስሕተት በእርማት ገጽ ታትሞ ከመጽሐፉ መጨረሻ ጋር ይሰፋ ነበር፤ አለቃ ደግሞ ምን ሲል እርማት ያነባል፤ ስሕተት የበታች ነው! ጸሐፊው ሦስት ግድፈት ካረመ በኋላ እንዲህ ሲል አከለ፦ «ገጽ ፪፻፲፪፣ ‹ሸሹ› የተባለው ሐሰት ነው፤ ጫማቸውን ሳያነሡ በድልድዩ ላይ ጸኑ። ስማቸውም ይህ ነው።» ከሥሩ አርባ ሁለት ስም ተደረደረ።

ነገሩ ሲታወቅ ሁለት ሺሕ ቅጂ ተሠራጭቶ ነበር፤ ጸሐፊውም በሦስት መስመር ደብዳቤ ተባረረ። መጽሐፉን በብብቱ ይዞ ቤቱ ገባ። በሸሺ እናትነት እየተጠቆመባት ዘጠኝ ዓመት አንገቷን ደፍታ የኖረችው እናቱ መስኮቱን ወለል አድርጋ ከፈተች።

«አንብበው» አለችው። «ጮክ በል እንጂ ልጄ፣ ጎረቤት ይስማ!»

ከላይ እስከ ታች ሁሉንም አነበበ። የወንድሙ ስም ላይ ሲደርስ እናቱ «ድገመው» አለችው፤ ደገመው።

ታሪክ የጄኔራሉን ስም በሽፋኑ ላይ በወርቅ ቀለም አቆየ፤ ጸሐፊውንማ ማን አስታወሰው? ነገር ግን ያን መጽሐፍ ዛሬም ከመደርደሪያ ያወረደ ሰው ያየዋል፤ ሌላው ገጽ እንደ ነበረ ንጹሕ ነው፤ የመጨረሻው ብቻ ከእጅ ብዛት ወይቧል።