የግርማት ተራራ የውሸት ገመድ

ሲነፋ ዝናብ የሚጠራው ቀንድ በተሰረቀ ዕለት በዘንጎር ምድር ዶሮ ሁሉ ወደ ኋላ ሄደ። በሦስተኛው ዓመት ድርቅ ዝሆኖቹ ከመክሳታቸው የተነሣ በአጥር ቀዳዳ ይሾልኩ ጀመር፤ ያላመነ ሄዶ ቀዳዳውን ይለካ።

ሌባው በግርማት ተራራ አናት የሚተኛው ጉምዘር ነው፤ ጥርስም ጥፍርም የሌለው የጉም አውሬ። የሚገድለው በናፍቆት ነው። በናፈቁት ሰው ድምፅ ይጣራል፤ «አቤት» ያለ ሰው ገደሉን ሜዳ ብሎ ይረግጠዋል።

ማዜር በንግሥቲቱ ፊት ቆማ «ቀንዱን ሳልይዝ ብመለስ የአገሬ አፈር አይቀበለኝ» ብላ ማለች። በልቧ የማለችው ግን ሌላ ነበር፤ አምና ለዚሁ ቀንድ ወጥቶ የቀረውን ባሏን ወሰንን ይዛ ልትመለስ።

መሪዋ ሽማግሌው ጎንጥ ነበር። የዚያ አገር ተራራ ወጪዎች ወገባቸውን በአንድ ገመድ ይታሰራሉ፤ ፊተኛው ይዋሻል፣ ኋለኛው «ውሸት» ይላል። መልስ የዘገየ እንደሆነ የኋለኛው ልብ ወደ ጉምዘር ድምፅ ሸፍቷልና ገመዱ ይሳባል። ጎንጥ እናቱ ከአንበሳ ወተት ቅቤ እንደናጠች፣ እሱም ከገደል ወድቆ መሬት ሳይደርስ እንቅልፍ እንደወሰደው አወራት። እሷም እየሳቀች «ውሸት» እያለች ወጣች።

በሰባተኛው ቀን ጉሙ ዋጣቸው። ከውስጡም ያ ስሟን እየጎተተ የሚጠራት የባሏ ድምፅ መጣ።

«ማዜርዬ፣ በርዶኛል። ጋቢዬን አመጣሽልኝ?»

ጋቢው ስልቻዋ ውስጥ ነበር። እግሯ ወደ ድምፁ ዞረ። ጎንጥ ስለ አህያው ዋሸ፤ መልስ የለም። ስለ ንግሥቲቱ ጢም ዋሸ፤ ዝም። ገመዱን ቢስብ እሷ በረታችበት፤ እሱም አብሮ ወደ ገደሉ ይንሸራተት ጀመር።

ያኔ ሽማግሌው ድምፁን ዝቅ አድርጎ «ልጄ፣ ወሰን በሕይወት አለ» አላት።

ማዜር ቀጥ አለች። ዓመት ሙሉ የእሱን የራት ድርሻ በየማታው ስትከድን የኖረች ሴት ናት። ይህን ቃል የሚነግራት ሰው ስትጠብቅ ኖራለች።

«ውሸት» አለች።

ድምፁ ተቆረጠ፤ ጉሙ ተተርትሮ በነነ። ቀንዱ በብዙ ሰው አጥንት መካከል ወድቆ ነበር። የትኛው የማን እንደሆነ አልጠየቀችም፤ ጋቢውን ዘርግታ ሁሉንም አለበሰቻቸው። ከዚያ ቀንዱን ነፋች። ዝናቡ ከመብዛቱ የተነሣ ዓሦች በየጣራው ላይ ሠርግ ደገሱ።

አገሩ ሲጨፍር ሁለቱ ገመዳቸውን ሳይፈቱ ደጃፏ ላይ ተቀመጡ።

«ዛሬ ለራት ይመጣል» አለች ማዜር።

በዕድሜው አንድ ውሸት ሳይመልስ ያላሳለፈው ጎንጥ «ውሸት» አላላትም። ሕጉ «ገመዱን ሳቢ» ይላታል። እሷ ግን አላልታ ተወችው።