ሱቁ ክፍት በሚሆንበት ሰዓት

ጥድፊያ ሦስቱን የክፍል ጓደኞቿን ከሩቅ ስታይ ከእናቷ ሱቅ አጠገብ ያለው ዳቦ ቤት ግድግዳ ላይ ተለጠፈች። ይህን ቅጽል ስም ያወጣንላት እኛ ጎረቤቶቿ ነን፤ ቀስ ብላ ስትሄድ ያየ የለምና። ያን ቀን ግን ልጆቹ እስኪያልፉ እንደ ማስታወቂያ ወረቀት ድርቅ ብላ ቆመች።

ያሳፈራት ፖሊሱ ነው። ሳምንቱን ሙሉ እናቷ ሱቅ በር ላይ ወንበር ይዞ ተቀምጧል። አንዷ ጓደኛዋ «ያ ሱቅ የእናንተ ነው እንዴ?» ብላ ስትጠይቃት፣ ጥድፊያ «ኧረ አይደለም!» ብላ ዋሽታለች።

እናትየዋ የምትሸጠው ሳፋ፣ ባልዲና ጄሪካን ነው። ከባንክ ይልቅ ኪሱ ከሚቀርብ አንድ ሰው ተበድራ ነበር። እሷ «ከፍዬ ጨርሻለሁ» ትላለች፤ እሱ «ወለዱስ?» ይላል። ክርክሩ ፍርድ ቤት ገባ። ለመጀመሪያው ቀጠሮ ሱቋን ዘግታ ስትሄድ የሰውየው ጎረምሶች መጡና በእሷ ጓጉንቸር ላይ የራሳቸውን ደረቡበት። ሌላው ቢሆን ራሱን ይዞ ይጮህ ነበር። እሷ ከአከፋፋይዋ ዐሥር ሳፋ ለምና፣ የተቆለፈው በሯ ፊት ለፊት ደርድራ መሸጥ ጀመረች። ሳፋ የማያስፈልገንም ገዛን። በሦስተኛው ቀን ዳኛው የጎረምሶቹ ጓጉንቸር እንዲነሳ፣ ክርክሩ እስኪያልቅም ፖሊስ እንዲጠብቃት አዘዙ።

ጥድፊያ ሱቁ ስትደርስ እናቷ ከፖሊሱ ጋር እያወራች ነበር።

«ነገ ሦስት ሰዓት ቀጠሮ አለኝ። አንተ እዚሁ ነህ አይደል ወንድሜ?»

ፖሊሱ ከኪሱ የታጠፈ ወረቀት አወጣ። «ትእዛዙ ‹ሱቁ ክፍት በሚሆንበት ሰዓት› ነው የሚለው፣ እትዬ። ዝግ ከሆነ አለቃዬ ሌላ ቦታ ይመድበኛል።»

«እንዴ! የቆለፉብኝ ስዘጋ አይደል?»

«እኔም ይህንኑ ብያቸው ነበር። ወረቀቱ እስኪታረም ሁለት ቀን ይፈጃል አሉኝ።»

እናቷ ጎረቤቷን ጫማ ሰሪውን ጠራችው። «የነገን ጠዋት ብቻ ሱቁን ክፈትልኝማ።»

ጫማ ሰሪው በእጁ የያዘውን ጫማ አገላበጠው። እሱም የዚያው ሰውዬ ተበዳሪ ነው። «ደስ ይለኝ ነበር፣ ወገቤ ነው እንጂ...» አለ። ያ ወገብ እስከዚያች ደቂቃ ድረስ ደህና ነበር።

«አይዞህ፣ ገብቶኛል» አለችው እየሳቀች። ግን የፍርድ ቤት ወረቀቶቿን አጣጥፋ መልሳ ዘረጋቻቸው፤ እንደገናም አጣጠፈቻቸው። ጥድፊያ አየቻት።

«እማ፣ እኔ እከፍታለሁ። ትምህርቴ ከሰዓት ነው።»

«ዳቦ ቤቱ ጋ ስትለጠፊ ያላየሁሽ መሰለሽ?»

የጥድፊያ ጆሮ ጋለ።

«አልተቀየምኩሽም፣ የኔ እናት። ነገ ግን መደበቂያ የለሽም።»

በማግስቱ ሁለት ሰዓት ላይ ጥድፊያ ሱቁን ከፈተች። ትልልቆቹን ሳፋዎች ከታች ደረደረች፤ ባልዲዎቹን ጫፉ በተቆለመመ ረጅም እንጨት ከላይ መስቀል ጀመረች። ሁለቱ ጎረምሶች ጥጉ ላይ መጥተው ቆሙ። ክፍቱን በር አዩ፤ ወደ እሷ ግን አልቀረቡም። ፖሊሱ ወንበሩን አንስቶ ከእሷ ጎን አኖረው።

ያኔ የምታውቀው ሳቅ ተሰማት። ልጆቹ ለጥናት ወደ ቤተ መጻሕፍት እየሄዱ ነው። ከጄሪካኖቹ ጀርባ ሰው የሚሸሽግ ቦታ ነበር፤ ጥድፊያም አንዴ ወደዚያ አየች።

«እንዴ! አይደለም አላልሽም?» አለች ያቺ የጠየቀቻት ልጅ።

«ዋሽቼሽ ነው። የእናቴ ነው።»

«ፖሊሱስ? ምን አድርጋ ነው?»

«እሷ ምንም አላደረገችም። ሱቃችንን ሲቆልፉብን ከሰሰቻቸው፤ ዳኛው እሱን ላኩልን።»

ልጅቷ ፖሊሱን አየች፤ ጥጉ ላይ የቆሙትንም አየች። ጥድፊያ ግን ወደ ሥራዋ ተመለሰች። ገና ያልተሰቀሉ አራት ባልዲዎች ነበሩ።

«ቆመሽ ከምታይኝ» አለቻት፣ «ያንን ቀዩን አቀብይኝ።»