እንቅርቱ ተመለሰባት

የሬሳ ማጠቢያው ውሃ ሞቆ፣ ከፈኑ ተቆርጦ፣ ጎረቤት ሁሉ በር ላይ ከተኮለኮለ በኋላ ነው ዶክተር ኢቅባልን የጠሯት። በበረሃ ከተማዋ ዳኽላ የጤና መርማሪ ሳይፈርም ሰው አይቀበርም። ይሄ ሕግ ባይኖር ማህሩስ እናቱን በጠዋት አፈር አልብሶ ሱቁን በከፈተ ነበር።

«ቶሎ ፈርሚልን፣ ዶክተር። ሬሳ ማቆየት ኃጢአት ነው» አላት፣ ግቢ እንኳ ሳይላት።

«ኃጢአት ማወቅህ ደስ ይላል። እናትህ ምን ሆና ሞተች?»

«እንቅርቱ ተመለሰባት። ያቺ የወንድሜ ሚስት ደግሞ ኪኒኑን ከልክ በላይ ሰጥታ ጨረሰቻት። እሷን ፖሊስ ይወስዳታል፤ አንቺ ፈርሚ።»

«እንቅርት ነው ያለህ ማነው?»

«ዶክተር ሹክሪ ነዋ! የእህቴ ባል።»

ሹክሪ መድኃኒት ቤት አለው። ሰዉ ሐኪም አድርጎት ልጁን ሲያስመረምረው አንድ ቀን እንኳ «ኧረ እኔ ሐኪም አይደለሁም» ብሎ አያውቅም። ኢቅባል ሀምሳን ያለፈች፣ ሦስት ልጅ አሳድጋ የዳረች ሴት ናት፤ እንዲህ ያለውን ወንድ ስታይ ፊቷ ሎሚ እንደነከሰ ሰው ይኮማተራል።

ሟቿ ሐጃ ቡሰይና የነሐስ አልጋዋ ላይ ተጋድማለች። የብርዱ ወራት ገና አልወጣም፣ የበረሃው ብርድ አጥንት ይሰብራል፤ መስኮቱ ግን ወለል ብሎ ተከፍቷል፣ ብርድ ልብሱም ወለል ላይ ወድቋል። ያቺ ደርባባ ሴት ከስታ አጥንቷ ቀርቷል። ኢቅባል የአንገት ሻሿን ፈታች። ሐጃ ይህን ሻሽ በማንም ፊት ፈትታው አታውቅም። ከሥሩ በክር የታሰረ ትንሽ ቁልፍ ወጣ። ከቁልፉ በላይ ደግሞ ጉሮሮዋ ሥር ከግራ ወደ ቀኝ የሄደ ያረጀ የስፌት ጠባሳ አለ። ኢቅባል በጣቷ ዳበሰችው። እብጠት የለም። ምንም የለም።

ቁልፉን ኪሷ ከተተችና ሬሳዋን መልሳ ሸፈነቻት።

«እናንተ» አለቻቸው ሊያጥቡ የመጡትን ሴቶች፣ «ውሃውን አውርዱት። እኔ ሳልል ማንም አይነካትም።»

የማህሩስን ወንድም ሚስት ሳብሪንን ተምር ማስቀመጫው ክፍል ዘግተውባታል። ሸሐታ የሚባል ፖሊስ በሩ ላይ ቁጭ ብሎ ከዚያው ክፍል የወጣ ተምር ይበላል። የሳብሪን ባል ኩዌት ሥራ ላይ ነው፤ እዚህ ቤት ያላት የአራት ዓመት ልጇ ዙሙሩዳ ብቻ ናት። እሷንም ማህሩስ ዛሬ ጠዋት ከእቅፏ ነጥቆ ወስዷታል።

«ነፍሰ ገዳይ ልጅ አታሳድግም አለኝ፣ ዶክተር። ታለቅሳለች፣ ይሰማኛል። እዚያ ማዶ ነች፣ ይሰማኛል።»

«ለኔ እውነቱን ንገሪኝ፣ ልጅሽን ዛሬ ታቅፊያታለሽ። ከዋሸሽኝ ግን እጄን የለሁበትም። ኪኒኑን እንዴት ነበር የምትሰጫት?»

«በየማለዳው አንድ፣ ምንም ሳትቀምስ። እዚህ ቤት ከገባሁ ጀምሮ እንደዚያ ነው። የረጀብ ወር ሲገባ ግን መጾም ጀመረች፣ 'ጾሜን ልታስፈቺኝ ነው?' ብላ ተቆጣችኝ። ሌሊት ሱሁር ስትበላ ስሰጣት ደግሞ ትራሷ ሥር ትከተዋለች። ሂጂና እዪው፣ እዚያው ነው ያለው። አልዋጠችውም።»

«በዚያን ጊዜ ይበርዳት ነበር? ፊቷ ያብጥ ነበር? እንቅልፍ እንቅልፍ ይላት ነበር?»

«ኧረ የምን ብርድ! በፊትማ በበጋው ሐሩር ሹራብ የምትለብስ ሴት ነበረች። አሁን 'ተቃጠልኩ፣ ጣሪያ ላይ አንጥፊልኝ' ትለኛለች። ሁለት ሰው የሚያጠግብ ትበላለች፣ ትከሳለች። እጇ እየተንቀጠቀጠ ሻይ ያፈሳል። ልቧ ሲመታ ልብሷ ላይ ይታይ ነበር።»

«ከመቼ ወዲህ?»

«ልጇ ኢንሳፍ፣ የሹክሪ ሚስት፣ ከመካ ከዑምራ ከተመለሰች ወዲህ። እኔ ደግሞ ሞኟ የመካ ናፍቆት ነው ብዬ!»

«እናንተ የማትቀምሱት፣ የሷ ብቻ የሆነ ምግብ ነበራት?»

«ከአንድ ትሪ ነው የምንበላው። የመካው ውሃ፣ ዘምዘሙ ብቻ ነው የሷ። ኢንሳፍ ያመጣችላት። ቆልፋበት ሱሁር ላይ አንድ ስኒ፣ ማፍጠሪያ ላይ አንድ ስኒ ትጠጣለች። ለዙሙሩዳ እንኳ ጠብታ አልሰጠችም።»

«እስከ ዛሬ እንዴት አላለቀም?»

«ኢንሳፍ በመጣች ቁጥር ትሞላዋለቻ። ዘምዘም ላይ ሌላ ውሃ ቢጨመር በረከቱ አይጎድልም ትላለች።»

ኢቅባል ስትወጣ ሸሐታን ቁልቁል አየችው። «ስትጨርስ ፍሬውን አትዋጠው» አለችውና አልፋ ሄደች።

ሳሎን ውስጥ ሹክሪ እግሩን አጣጥፎ ለሀዘንተኛው ያስተምራል። ሰዉም አፉን ከፍቶ ይሰማዋል።

«እንዲያው በሕክምናው ቋንቋ፣ ዶክተር ኢቅባል፣ ታይሮቶክሲኮሲስ ነው» አላት፣ ቃሉን እንደ ከረሜላ አፉ ውስጥ እያንከባለለ።

«ይሄ ሁሉ ሰው የሰማው የቃሉን ድምፅ ነው። ትርጉሙን ንገራቸው።»

«እ... ያው እንቅርት ነዋ።»

«አይደለም። እንቅርት ማለት አንገት ላይ ያለችው ዕጢ ስታብጥ ነው። አንተ ያልከው ደግሞ ዕጢዋ የምትሠራው ቅመም ደም ውስጥ በዝቶ ሰው ሲመርዝ ነው። እንቅርት ኖሮት በሰላም የሚያረጅ አለ። እንቅርት ሳይኖረው የሚመረዝም አለ። ስሙ ራሱ መርዝ ይላል እኮ፣ ሹክሪ! ምን እንደምትል ሳታውቅ ነው የምትለው?»

ሹክሪ ጉሮሮውን ጠረገ። «መቼም የሚበዛው ከዕጢዋ ነው።»

«የትኛዋ ዕጢ?»

«የሐጃ ነዋ።»

«አንገቷን አይተኸዋል?»

«አዑዙ ቢላህ! እኔ የሚስቴን እናት አንገት ልይ?»

«ታዲያ ምን አይተህ ነው የፈረድከው? ይሁን። ለሙሽሮች ማቅጠኛ እያልክ የምትሸጠው የዕጢ ኪኒን የት ነው የሚቀመጠው?»

«እሱን... ሁሉም ይሸጣል።»

«ሁሉምን አልጠየቅኩህም።»

«መደርደሪያ ላይ ነው። ኢንሳፍ ናት ሱቁን የምታስተካክልልኝ።»

ኮሪደሩ ላይ ማህሩስ ያዛት። ድምፁን ዝቅ አደረገ። «ዶክተር፣ ነገር አታብዢ። እናቴ አእምሮዋ ተነክቶ ነበር። የአባቴን የውሃ ጉድጓድና የአትክልት ቦታ ከረመዳን በኋላ ለዙሙሩዳ ልትፈርምላት ነበር። ለዚያች ፍንጭት! እኛ እያለን!»

«ይህን ማን ያውቃል?»

«እኔና ኢንሳፍ። ሳብሪን አታውቅም፣ ብታውቅማ ትታበይብን ነበር።»

«ዛሬ ለመጀመሪያ ጊዜ የሚረባ ነገር የተናገርከው አሁን ነው» አለችው።

ሴቶቹ ጓዳ ውስጥ ተሰብስበው ሻይ ይጠጣሉ። ኢንሳፍ መሀላቸው ተቀምጣ መቁጠሪያዋን፣ ሙስበሃዋን ትቆጥራለች፤ ግንባሯ ላይ ከስግደት ብዛት የወጣ የሱጁድ ምልክት አለ። እሷ ስትነሳ ጎረቤቷ ፈክሪያ ኢቅባልን በክርኗ ነካ አደረገቻት።

«ልጅ ማለት ይቺ ናት፣ ዶክተር። ሌላው ሬሳ ሳይወጣ በአምባርና በአልጋ ይናከሳል። እሷ ምን አለች መሰለሽ? 'እኔ የእናቴን የዘምዘም ጠርሙስ ብቻ ስጡኝ።' አስለቀሰችን!»

«ሰጧት?»

«ቁልፉ ከየት ይምጣ? ከማለዳ ጀምሮ እየፈለገች ነው፣ ምስኪን።»

ኢቅባል ወደ ሐጃ ክፍል ተመልሳ ትራሱን አነሳች፤ ኪኒኖቹ እንዳልተዋጡ ከሥሩ አሉ። ከዚያ ከሐጃ አንገት ባገኘችው ቁልፍ ቁምሳጥኑን ከፈተች። ጠርሙሱ በነጭ ጨርቅ ተጠቅልሎ ቁርኣኑ አጠገብ ቆሟል። ወደ ብርሃን አነሳችው። ከታች ነጭ ዝቃጭ ተኝቷል። ነቅነቅ ስታደርገው እንደ ዱቄት ቦነነ። ወዲያው ቤተሰቡን፣ ጎረቤቶቹን፣ ሸሐታን ሁሉ ሳሎን ጠራቻቸው። ሳብሪንንም አስመጣቻት።

«እሷ ምን ትሠራለች እዚህ?» አለ ማህሩስ።

«ተቀመጥና ስማ። አንድ ቃል ብትናገር ፊርማውን ከወር በኋላ ታገኘዋለህ።»

ተቀመጠ።

«ይህ ሰፈር አንድ በሽታ አለው» አለች ኢቅባል። «ነገሩን በስሙ ከጠራችሁት ያወቃችሁት ይመስላችኋል። እንቅርት አላችሁ፣ አለቀ። ማንም የጠየቀ የለም። ሐጃ ከሳች፣ ላበች፣ ተንቀጠቀጠች፣ ልቧ እስኪፈነዳ ሮጠ። ይህ የመመረዝ ምልክት ነው፤ ሹክሪ ሳያውቀው በትክክል ጠራው። ግን መርዙ ከዕጢዋ አልመጣም። ዕጢዋን ድሮ አስዩት ከተማ ቆርጠው አውጥተውላታል፤ በየማለዳው የምትውጠው ኪኒን የዕጢዋን ቅመም የሚተካ ነው። ጠባሳው አንገቷ ላይ አለ፣ ለዚህ ነው ሻሹን የማትፈታው። የተቆረጠ እጅ ተመልሶ አያድግም። ይህም ያው ነው።»

«ሱብሐነላህ!» አለች ፈክሪያ።

«ስለዚህ ከውጭ ነው የገባው። ከሳብሪን ኪኒን ነው እንዳልል፣ ረጀብን ሙሉ የሰጠቻትን አልዋጠችም፤ ትራሷ ሥር አግኝቼዋለሁ። ኪኒኑን ትታ ሌላ ነገር ባትወስድ ኖሮ ብርድ ብርድ ይላት፣ ታብጥ ነበር። እሷ ግን ነደደች። ደግሞም ሳብሪን ምን ልታገኝ ትገድላታለች? ሐጃ ከረመዳን በኋላ ጉድጓዱንና አትክልቱን ለዙሙሩዳ ልትሰጥ ነበር። ለሳብሪን የምትጠቅማት በሕይወት ያለች ሐጃ ናት።»

ሳብሪን አፏን በእጇ ያዘች። ይህን ገና መስማቷ ነበር።

«ማህሩስስ?» አለ ሸሐታ፣ መርማሪ የሆነ መስሎት።

«ማህሩስ ጯሂ ነው። የሚጮህ ሰው ይህን ያህል ሳምንት ታግሦ አይመርዝም። እናቱም ቁልፏን አትሰጠውም። ሐጃ ጾማም ብትሆን ሳታጓድል የምትወስደው፣ ሌላ ሰው የማይቀምሰው አንድ ነገር ብቻ ነበር።»

ጠርሙሱን ከጨርቁ አውጥታ ጠረጴዛ ላይ አኖረችው። ነቀነቀችው። ነጩ ዱቄት ዞረ።

«የመካ ማዕድን ነው» አለች ኢንሳፍ ቶሎ ብላ። «የበረከት ጨው።»

«እንዲያ ከሆነ እሰየው። ጠርሙሱን ስጡኝ ብለሽ ነበር አሉኝ፣ ይኸው።» ኢቅባል ስኒ ሞልታ ዘረጋችላት። «ወደ መካ፣ ወደ ቂብላ ዞረሽ፣ ለእናትሽ ዱዓ አድርገሽ ጠጪ።»

ኢንሳፍ ስኒውን አየችው። ሙስበሃው ቆመ።

«ጾመኛ ነኝ» አለች።

«እንዴ?» አለች ፈክሪያ። «ቅድም ከኔ ጋር ሻይ ስትጠጪ ስኳር ጨምሪልኝ አላልሽም?»

ሰዉ ሁሉ ዞረ። ሹክሪ ከተቀመጠበት ብድግ አለ። «ኢንሳፍ። ጠጪ እንጂ። ዘምዘም አይደለም እንዴ?»

«አንተ ዝም በል!»

«ጠጪ ነው የምልሽ!»

ስኒውን በክንዷ መታችው። ውሃው ምንጣፉ ላይ ፈሰሰ፤ አንድ ሁለት ሴቶች ዘምዘም ሲደፋ አይተው ጮኹ።

«አንድ ስኒ አይገድልሽም ነበር» አለች ኢቅባል። «ከባልሽ ሱቅ የወሰድሽውን የዕጢ ኪኒን እየፈጨሽ ብታጠጫትም፣ እናትሽን ለመግደል ሳምንታት ፈጅቶብሻል። የጠርሙሱ ቀሪ ካርጋ ከተማ ተልኮ ይመረመራል፣ የባልሽም መደርደሪያ ይቆጠራል። ልጇ ነሽና ቀዶ ሕክምናውን ሳታውቂ አትቀሪም። ግን እንቅርት እንደ አረም ተመልሶ ይበቅላል ብለሽ አመንሽ፤ ሰፈሩም እንዲያ ያምናል። ያዘጋጀሽውን ስም እያስተጋቡ ይቀብሩልሽ ነበር።»

«ጉድጓዱ የአባቴ ነው!» ኢንሳፍ ጮኸች። «የአባቴን ውሃ ለዚያች ቁራጭ ልጅ! እኔ ስጸልይላት፣ እኔ ስጾምላት፣ እኔ ከካዕባ ድረስ—»

«የፈጣሪን ቤት ዞረሽ፣ ከደጁ በቀዳሽው ውሃ የወለደችሽን ገደልሽ። ከእንግዲህ ስለ ጾምሽ ለኔ አታውሪ። ሸሐታ፣ እጅህን ከተምሩ ጠራርገህ ሥራህን ሥራ።»

ኢንሳፍን ሲያስወጧት ሹክሪ ሊከተላት ሁለት እርምጃ ሄደና፣ በር ላይ የተኮለኮለውን ጎረቤት ሲያይ ተመልሶ ተቀመጠ።

ኢቅባል ለማህሩስ ነገረችው፤ ሬሳዋ ዛሬ አይቀበርም፣ ካርጋ ሄዶ ይመረመራል።

«ያለ ቀብር ልታድር ነው?» አለ ማህሩስ። የጠዋቱ ድንፋታ ሁሉ ጠፍቶ ድምፁ የሕፃን ሆኗል።

«ባንተ ቢሆን በውሸት ተቀብራ ትቀር ነበር። ልጅቷን አምጣ።»

ሄዶ ዙሙሩዳን አመጣት። ልጅቷ ስታለቅስ ውላ ፊቷ አብጧል። ሳብሪን ማህሩስን ቀና ብላ ሳታይ ተቀበለቻት። ልጇን ደረቷ ላይ ለጥፋ ወደ ግቢው ወጣች። የሬሳው መኪና በሩን ከፍቶ ቆሟል።

«እኔ አብሬያት እሄዳለሁ» አለች።

«ሴት ከሬሳ ጋር አትጓዝም» አለ ማህሩስ ከኋላዋ። «ሰው ምን ይላል?»

«ሐጃ ብቻዋን መተኛት አትወድም። ማን ነው አብሯት የሚሄደው፣ አንተ?»

ማህሩስ መኪናውን አየ። ውስጥ የተጋደመችውን እናቱን አየ። ከዚያ ጫማውን አየ።

ሳብሪን መኪናው ላይ ወጥታ ከሐጃ ራስጌ ተቀመጠች። ዙሙሩዳን ጭኗ ላይ አስተኛቻትና ከሬሳው መሸፈኛ ጨርቅ ያፈተለከውን ጠርዝ በጥንቃቄ መልሳ ሸጎጠችው።

«ንዳው» አለችው ኢቅባል ሹፌሩን፣ በሩን ራሷ እየዘጋች።