ኮች መንበረ ያልሄደችበት መስቀል

«ክትፎውን ቀነስ አድርጉ ብያችሁ ነበር» አለች ኮች መንበረ፣ ሁለት እጇን ጉልበቷ ላይ አስደግፋ እያለከለከች።

ጨዋታው ከተጀመረ ገና አሥር ደቂቃ አልሞላውም። በየዓመቱ የመስቀል ማግስት፣ ለበዓሉ ከአዲስ አበባ ቡታጅራ የሚገቡ የቀድሞ ተጫዋቾች ከትምህርት ቤቱ የሴቶች ቡድን ጋር ቅርጫት ኳስ ይጫወታሉ። መንበረም ከእንግዶቹ ጋር ትሰለፋለች። በየዓመቱም እንግዶቹ ያንኑ ስህተት ይሠራሉ፤ የናፈቃቸውን ክትፎ እስኪበቃቸው በልተው ይመጡና ሜዳ መሀል እግራቸው እምቢ ይላል። አንዷማ ሆዷን ይዛ ቅርጫቱ ሥር ቁጭ ብላለች። ተመልካቹ በሳቅ ፈርሷል።

«ፈታ በይ እንጂ፣ አምበል!» አለች ከተማሪዎቹ ቡድን ሃኒ፣ ኳሱን ለሰገነት እያቀበለች።

የአሥራ ስድስት ዓመቷ አምበል ሰገነት ግን ሳቁ አልመጣላትም። መርካቶ ሱቅ ያለው አጎቷ አበራ ነገ ማለዳ ወደ አዲስ አበባ ይመለሳል፤ እሷንም ይዟት ሊሄድ ይፈልጋል። እሱ ጋ ሆና ትማራለች፤ ሰፈሩ አካባቢ የሚሠለጥን የታዳጊ ሴቶች ቡድንም መጥታ ትሞከር ብሏል። እናቷ ውሳኔውን ለራሷ ትተውላታል። ሰገነት «ቡድኔን ጥዬ አልሄድም» ልትለው ቆርጣለች። ይህን መልስ የተማረችው ከኮች መንበረ ነው።

የመንበረን ታሪክ ቡታጅራ ውስጥ የማያውቅ የለም። ጉብሬ ባለው የወልቂጤ ዩኒቨርሲቲ ስትማር፣ እሷ የምትጫወት ቀን ሜዳው ዙሪያ መቆሚያ አይገኝም ነበር ይባላል። ስትመረቅ አንድ የአዲስ አበባ ክለብ ጠራት። ከመሄዷ በፊት ለመስቀል ቤተሰብ ልትጠይቅ መጣች፤ በተነፈሰ ኳስ የሚጫወቱ ሴት ልጆች አየች፤ አንጀቷ አልችል ብሎ እዚሁ ቀረች። ይኸው አሥራ ሁለት ዓመት ሆናት። ሰገነትንም በስምንት ዓመቷ ጣቶቿን ኳሱ ላይ አንድ በአንድ እያስቀመጠች ያስተማረቻት እሷ ናት። ያ ቀን ትዝ ሲላት ሰገነት ዛሬም ደስ ይላታል።

ተማሪዎቹ በሰፊ ልዩነት አሸነፉ። እንግዶቹ ፎቶ ተነሥተው፣ ተሳስቀው ተበተኑ። መንበረ የሲሚንቶው ደረጃ ላይ ተቀምጣ ጉልበቷን ስታሽ ሰገነት አጠገቧ ሄዳ ውሳኔዋን ነገረቻት። ትደሰታለች ብላ ነበር።

 መንበረ ግን ስለ ጉብሬ ማውራት ጀመረች። ጎህ ሳይቀድ ተነሥተው በጭቃው እንዴት ይሮጡ እንደነበር፣ ሲያሸንፉ አንድ ባጃጅ ላይ ለስድስት ተጣብቀው ወልቂጤ ጁስ ሊጠጡ ይሄዱ እንደነበር፣ ሾፌሩ ሁልጊዜ እንዴት ይጨቃጨቃቸው እንደነበር አነሣች። እያወራች የሃያ ዓመት ልጅ መሰለች። ከዚያ ድምፅዋ ዝቅ አለ።

«ክለቡን የተውኩት ለልጆቹ ብዬ አይደለም» አለች። «ፈርቼ ነው።»

ሰገነት አጠገቧ ደረጃው ላይ ቁጭ አለች።

«እዚህ አንደኛ ነበርኩ። እዚያ ተቀያሪ አድርገው ቢያስቀምጡኝስ ብዬ ፈራሁ። ሻንጣዬን ካዘጋጀሁ በኋላ አሞኛል ብዬ ተኛሁ። እናንተ የመጣችሁት ከዓመታት በኋላ ነው። ሰው ሲጠይቀኝ ግን የእናንተን አወራለሁ፤ እሱ ያምራል።»

«ይቆጭሻል?»

«አሠልጣኝ መሆኔ አይቆጨኝም፤ እወደዋለሁ። ግን እዚያ ብሄድ ኖሮ ምን እሆን እንደነበር እስከዛሬ አላውቅም። እሱ ይቆጨኛል።» ቀና ብላ አየቻት። «አንቺ የምትቀሪው እውነት ለቡድኑ ከሆነ ቅሪ፤ ደስታዬ ነው። ለቡድኑ ነው?»

ሰገነት «አዎ» ልትል ስትል አንድ ነገር ትዝ አላት። ባለፈው ሳምንት የዚያን የአዲስ አበባ ቡድን ቪዲዮ ስልክ ላይ አይታ፣ የልጆቹ ቁመትና ፍጥነት አስደንግጧት ግማሽ ላይ ዘግታው ነበር። ለማንም አልተናገረችም። አሁን መንበረ ላይ ተናደደች፤ ያን የሚያምር ታሪክ ለምን አበላሸችብኝ አለች በሆዷ። ንዴቷ ግን ብዙ አልቆየም። ተነሥታ መንበረን አቀፈቻትና ወደ ቤት አቀናች።

አበራ ደጅ ላይ ቆጮና ቅቤውን መኪናው ጣሪያ ላይ ጭኖ በገመድ ያስራል። ዘወር ሳይል ምን እንደወሰነች ጠየቃት።

«እፈራለሁ፣ ጋሼ» አለችው።

አበራ ገመዱን እንደያዘ ወደ እሷ ዘወር አለ።  ሰገነት ጠጋ ብላ የተጫነውን ዕቃ ከዳር እስከ ዳር አየች።

«ሻንጣዬን የት ጋ ነው የምናደርገው?»