የውሰት አጎት

«‹እዚህ ላይ ትንሽ ይተክዙ› ይላል እኮ! ምንድነው ይሄ፣ ኤልያብ?»

«ሮሂ፣ ቀስ በይ። ሰው ይሰማል።»

«ይስማ! ‹እናቱ ስትሞት ያሳደግኩት እኔ ነኝ ብለው ዝም ይበሉ። ሻዩን አንሥተው ሳይጠጡ ያስቀምጡ።›» ሮሆቦት ወረቀቱን ፊቱ ላይ አራገበችው። «ጋሽ ክፍሉም እሁድ ቤታችን ልክ እንዲሁ ሳይጠጡ አስቀመጡ። እኔ ነኝ የቀዳሁላቸው። አባዬ አለቀሰ፣ ታውቃለህ? አባዬ!»

ኤልያብ ወደ አዳራሹ በር ተመለከተ። መኪናውን ቪከሪ ሜዶ ሰፈር ካለው የኢትዮጵያውያን ማኅበር አዳራሽ ፊት ፓርክ ካደረገ ሩብ ሰዓት ቢያልፍም መሪውን በሁለት እጁ እንደያዘ ነበር። ወረቀቱ የተገኘው ከኋላ ወንበር ነው፤ ሮሆቦት ለቲያትሩ ልምምድ የተባዙትን ገጾች ስትሰበስብ ከመሀላቸው ወጣ። ጽሑፉ የኤልያብ ነው። በግራ በኩል ንግግር፣ በቀኝ በኩል ተናጋሪው የሚያደርገው። እንዲህ ለሁለት ከፍሎ መጻፍ ያስተማረችው እሷ ነበረች።

«ጋሽ ክፍሉ አጎትህ ናቸው ወይስ አይደሉም?»

«አይደሉም።»

«ሶ፣ ማን ናቸው?»

«ኤርፖርት ፓርኪንግ ላይ ነው የሚሠሩት። እረፍት ላይ አብረን ምሳ እንበላለን። ጥሩ ሰው ናቸው፣ ሮሂ።»

«ጥሩ ተዋናይ ናቸው በል።»

ሮሆቦት በስድስት ዓመቷ ከኢትዮጵያ መጥታ እዚያው ቴክሳስ፣ ሮውሌት ከተማ ያደገች ልጅ ናት። ዩኒቨርሲቲ የምታጠናው የጥንት ሮማውያንን ኮሜዲ ነው። ማኅበሩ ለአዲስ ዓመት የሚያስቅ ቲያትር ሲፈልግ አንዱን ከላቲን ወደ አማርኛ ልመልስላችሁ አለች። መጋቢት ውስጥ አዳራሹ ተሰብስቦ የመጀመሪያውን ገጽ ስታነብ ሰዎች ሳቁ፤ የሳቁት ግን በአማርኛዋ ነበር። ከኋላ ረድፍ፣ የኤርፖርት ሻንጣ ጫኞችን ቢጫ ሰደርያ እንደለበሰ የመጣ አንድ ቀጭን ወጣት፣ ኤልያብ፣ እጁን አወጣ።

«እህቴ፣ ሽማግሌው ‹እኔ አሁን ንዴት ይሰማኛል› አይልም። ‹ደሜን አታፍላው!› ነው የሚለው።»

ከዚያ ወዲያ በየማክሰኞውና በየሐሙሱ አብረው ተቀመጡ። እሷ ትተረጉማለች፣ እሱ ያቃናል። እሷ ደግሞ ትነግረዋለች፤ ሮማውያን ታሪኮቹን ከግሪኮች ወሰዱ፣ ከሮማውያን ጣልያኖች፣ ፈረንሳዮችና እንግሊዞች ወሰዱ፣ አሁን ማታ ማታ በቴሌቪዥን የሚታየው ሳቅ ሁሉ የእነሱ የልጅ ልጅ ነው። አንድ መንገድ፣ ሁለት ቤት። ቁጡ አባት፣ በፍቅር አፉ የተያዘ ጎረምሳ፣ ለእሱ ሲል የሚዋሽ ብልጥ አሽከር። በእነሱ ተውኔት ውስጥ አሽከሩ አንድ መንገደኛ ያመጣል፣ ልብስ ያለብሰዋል፣ የሚናገረውን ያስጠናውና ሽማግሌው ፊት ያቆመዋል።

«ሁለት ሺህ ዓመት ሙሉ አንድ ውሸት?» ብሏት ነበር ኤልያብ።

«ይሠራል ማለት ነዋ!» ብላ ስቃ ነበር። ያ ሳቅ አሁን አሳፈራት።

«የኔን ተውኔት አባዬ ላይ ተጫወትክበት» አለች።

«ማንን ልላክ?» ኤልያብ ለመጀመሪያ ጊዜ ዞረ። «አባትሽ ‹ሽማግሌ ይላክ፣ የማን ወገን እንደሆነ የሚነግረኝ ሰው ይምጣ› አሉ። ቴክሳስ ውስጥ ከአራት ዓመት በፊት የሚያውቀኝ ሰው የለም። አባቴን እኔም አላውቀው። የማን ልጅ ነህ ሲሉኝ የማን ልበል?»

«የእናቴ በላ!»

«አይበቃም ቢሉስ?»

ጥያቄው ሮሆቦትን ይበልጥ አናደዳት።

«እሺ፣ ሌላስ ምን አለ? ማለቴ፣ እናትህ በእውነት ሞታለች?»

ፊቱ ጠቆረ። «ይህንን አትጠይቂኝ።»

«እጠይቃለሁ! ሁሉንም እጠይቃለሁ። ሰኔ ላይ፣ ሐይቁ ዳር፣ ‹አንቺን ሳላይ የዋልኩበትን ቀን ከዕድሜዬ አልቆጥረውም› አልከኝ። ሁለት ቀን እንቅልፍ አልወሰደኝም። በኋላ አየሁት፤ የጎረምሳው ንግግር ነው። እኔው የተረጎምኩትን መልሰህ ለኔ!»

«አንቺ የተረጎምሽው ‹አንቺ የሌለሽበት ቀን ቀን አይደለም› ነበር። እሱን ሰርዤ ይህን የጻፍኩት እኔ ነኝ።» መሪውን ለቀቀ። «ስጽፈው ጎረምሳውን የማስብ ይመስልሻል?»

ዓይኗን ከዓይኑ አነሣች። አዳራሹ በር ላይ ሰዎች መሰብሰብ ጀምረዋል።

«እሁድ ለመጨረሻ ጊዜ ይመጣሉ። አባዬ እሺ ሊል ነው» አለች። «ወይ አንተ ትነግረዋለህ፣ ወይ እኔ።»

«ከነገርኳቸው እምቢ ይላሉ።»

«ካልነገርከው እኔ እምቢ እላለሁ።»

በሩን ከፍታ ወረደች።

ያን ሐሙስ ምሽት አሮጌዎቹን ረቂቆች አውጥታ ፈተሸች። እንዳለው ነው፤ የእሷ ዓረፍተ ነገር በእርሳስ ተሰርዞ ከላዩ ላይ የእሱ ተጽፏል። ይህ ግን ጥሩ ጸሐፊ መሆኑን እንጂ ሌላ ነገር አላረጋገጠላትም። የጻፈው ሰው እውነቱን ነው? ተውኔቱ የሁለት ቋንቋ ውሰት ነው፤ ቃሉ ስንት አፍ ዞሮ እሷ ጋ እንደደረሰ ማን ያውቃል? ዓርብ ዕለት ‹ሥራ ነኝ› ብሎ ቴክስት ሲያደርግላት በእርግጥ ሥራ ላይ መሆኑን ተጠራጠረች። በመጠርጠሯም ራሷን ጠላች።

ቅዳሜ ራት ላይ አባቷ አቶ ተሻገር ራሳቸው ጀመሩት። ሃያ ዓመት በሆቴል ጥበቃ የሠሩ፣ ከሰው ፊት ይልቅ እጁን የሚያዩ ሰው ናቸው። ስለ ኤልያብ መጀመሪያ የጠየቁት ‹የመኖሪያ ወረቀት ፈልጎ እንዳይሆን› ብለው ነበር፤ በዲቪ እንደመጣና ወረቀቱ የራሱ እንደሆነ ሳያረጋግጡ አላረፉም።

«ይሄ ክፍሉ ግን» አሉ፣ «ጨዋ ሰው ነው። ስለ ልጁ ሲያወራ እጁ ይንቀጠቀጣል። እንዲህ ያለውን ማስመሰል አይቻልም።»

ሮሆቦት የያዘችውን ጉርሻ ወደ ትሪው መለሰች።

እሁድ ዘጠኝ ሰዓት ላይ ሽማግሌዎቹ መጡ። ጋሽ ክፍሉ ነጠላ ደርበዋል። አብሯቸው ያለው ገመቹ የኤልያብ የሥራ ባልደረባ ነው፤ እሱ ጓደኛ ነኝ እንጂ ዘመድ ነኝ ብሎ አያውቅም፤ መኪናውን የነዳውም እሱ ነው። ጫማቸውን በር ላይ አውልቀው ገቡ። ሮሆቦት የጋሽ ክፍሉን እጅ አየች። እውነትም ይንቀጠቀጣል።

«እንግዲህ አቶ ተሻገር» ብለው ጀመሩ ጋሽ ክፍሉ፣ «ለሦስተኛ ጊዜ ደጅዎን ስንረግጥ…»

ደወሉ ጮኸ።

ሽማግሌ በተቀመጠበት ሙሽራው አይመጣም፤ እንኳን ሊገባ በሰፈሩም አያልፍም። አቶ ተሻገር በሩን ከፍተው ኤልያብን ሲያዩ ቅንድባቸው ተሰበሰበ።

«አንተ ደግሞ ምን ልትሠራ መጣህ?»

«የምናገረው አለኝ፣ ጋሼ።» ከደጁ ሳያልፍ ቆመ። «ጋሽ ክፍሉ አጎቴ አይደሉም። እዚህ የተናገሩትን ጽፌ የሰጠኋቸው እኔ ነኝ። የእናቴ መሞት እውነት ነው፤ ሌላው ግን ፈጠራ ነው። አባቴን አላውቀውም። ያሳደገችኝ እሷ ናት፣ ብቻዋን።»

ገመቹ ምንጣፉን ማየት ጀመረ። አቶ ተሻገር ቀስ ብለው ወደ ጋሽ ክፍሉ ዞሩ።

«እርስዎ?»

«እውነቱን ነው» አሉ ጋሽ ክፍሉ። «ግን ልጁ አይደለም የለመነኝ። እኔ ነኝ ልሂድልህ ያልኩት። ወልጄ አላውቅም፣ ሽማግሌ ሆኜም ተልኬ አላውቅም ነበር።»

አቶ ተሻገር ዓይናቸውን ልጃቸው ላይ ጣሉ።

«ታውቂ ነበር?»

ኤልያብ አያት። ‹አላውቅም› ብትል አያጋልጣትም፤ ይህን ከዓይኑ አነበበች። ከሐሙስ ጀምሮ ስትፈልገው የነበረው ነገር እዚያ ዓይን ውስጥ ነበር፤ ማንም ጽፎ አልሰጠውም።

«ከሐሙስ ጀምሮ አውቃለሁ፣ አባዬ።»

«ለምን ዝም አልሽ?»

«ራሱ ይናገር እንደሆነ ለማየት።»

«ባይመጣስ?»

«እነግርህ ነበር። ከዚያ አላገባውም ነበር።»

«ሦስት እሁድ» አሉ አቶ ተሻገር፣ ድምፃቸው እየጨመረ፣ «ሦስት እሁድ ቤቴ ውስጥ ቲያትር ተሠራ! እኔ፣ ተሻገር፣ ተታልዬ አለቀስኩ!»

«ደግ አደረጉህ» አሉ የሮሆቦት እናት ወይዘሮ ትርንጎ ከኩሽና። «ስታለቅስ ካየሁህ ሃያ ዓመቴ ነው።»

ገመቹ ሳቁ አመለጠው፤ ወዲያው በሳል ለወጠው። አቶ ተሻገር ወደ ኩሽና አፈጠጡ፣ ከዚያ ወደ በሩ።

«ጫማህን አውልቀህ ግባ። እሺ አላልኩም፤ ጫማህን አውልቅ ነው ያልኩት። ቁጭ በል። አሁን እኔ እጠይቃለሁ፣ አንተ ትመልሳለህ። የጻፍከው ካለ ኪስህ ውስጥ ይቅር።»

ኤልያብ የሶፋው ጫፍ ላይ ተቀመጠ። ሮሆቦት የያዘችውን የሻይ ትሪ አስቀምጣ ከጎኑ ተቀመጠች። አባቷ አዩ፤ ተነሺ አላሉም።

«እናትህ ማን ትባላለች?»

«ውባለም።»

«ምን ትሠራ ነበር?»

«ልብስ ትሰፋ ነበር፣ ደሴ። የተማሪ ዩኒፎርም።»

ሮሆቦት ይህንን ሰምታ አታውቅም። ለምን አልነገረኝም የሚለው ጥርጣሬ እንደገና ብቅ አለ። ከዚያ ግን እሷም ጠይቃው እንደማታውቅ ትዝ አላት። ስድስት ወር ሙሉ የሌላ ሰው ንግግር ሲያቃኑ ነው የኖሩት። እጇን እጁ ላይ አደረገች። የኤልያብ ድምፅ ትንሽ ረጋ።

ጋሽ ክፍሉ ከእንግዲህ የሚጠየቁት እንደሌለ አይተው ነጠላቸውን ሰብስበው ተነሡ። በር ላይ ጎንበስ ብለው ጫማቸውን አጠለቁ፣ በሩንም ድምፅ እንዳያሰማ ይዘው ዘጉት።

«የምን ቀለም ዩኒፎርም?» ይላሉ ውስጥ አቶ ተሻገር።

«ሰማያዊ። አንገቱ ነጭ።»

«ቁልፉስ?»

ጋሽ ክፍሉ ፀሐዩን በነጠላቸው ከልለው፣ የገመቹን መኪና አልፈው፣ የሣሩን ዳር ይዘው፣ በእግራቸው ወደ ባቡር ጣቢያው ሄዱ።